ሳቃችንና የኬጁኖች ቫዮሊን

ማታ ማታ ጥናት ሲሰለቸን ማደሪያ ክፍላችን ውስጥ ዘፈን እንከፍታለን። ሰሞኑን አንዱ ጓደኛችን የሉዊዚያና ኬጁኖችን ሙዚቃ አሰማን። ሳቅን። አኮርዲዮኑ ያለከልካል፣ ቫዮሊኑ ይነጫነጫል፣ ዘፋኙ የታነቀ ይመስል ይጮሃል፤ ከኋላ ደግሞ ብረት ያቃጭላል። «ይኼ ደሞ የምን ለቅሶ ነው?» አልን።

ለቅሶስ ለቅሶ ነው። የኬጁኖች ቅድመ አያቶች ዛሬ ካናዳ ውስጥ ካለው አካዲያ፣ ከ1755 ጀምሮ (ዓመቱ ሁሉ በፈረንጅ ነው) እንግሊዞች እያጋዙ የበተኗቸው ፈረንሳይኛ ተናጋሪዎች ነበሩ። ብዙዎቹ ዞረው ዞረው ሉዊዚያና ገቡ። ያ የሚያቃጭለው ብረት ድሮ ከድርቆሽ መሰብሰቢያ ጥርስ ተቆልምሞ የሚሠራ ሦስት ማዕዘን ነው። አኮርዲዮኑም ዜማ የሚያወጣው በአሥር ቁልፍ ብቻ ነው፤ ያው ቁልፍ ሲገፋ አንድ ድምፅ፣ ሲሳብ ሌላ።

በ1928 ጆ ፋልከንና ክሌኦማ ብሮ የመጀመሪያውን የኬጁን ሸክላ አስቀረፁ። በ1929 ደግሞ ጥቁሩ አሜዴ አርድዋን ከነጩ ቫዮሊን ተጫዋች ከዴኒስ መጊ ጋር ተቀረፀ፤ ያውም ዘር እንደዚያ በሚለይበት አገር!

ሳቃችንን ያቆመው ግን ሌላ ነገር ነው። የ1921 የሉዊዚያና ሕገ መንግሥት ትምህርት በእንግሊዝኛ ብቻ እንዲሆን አዘዘ። ትምህርት ቤት ውስጥ ፈረንሳይኛ ያመለጠው ልጅ ይቀጣ ነበር። እንግዲህ እንዲህ ያደገ ልጅ በአባቱ ዘፈን ባያፍር ነው የሚገርመው። ደግነቱ ሁሉም አላፈሩም። የትምህርት ቤት አውቶቡስ ይነዳ የነበረው ዱዊ ባልፋ በ1964 ኒውፖርት ከሚባለው የሙዚቃ በዓል ላይ ጊታር ይዞ ወጣ፤ ሕዝቡም በጭብጨባ ተቀበለው። አገሩ ተመልሶ ሙዚቃው እንዲከበር ሲታገል ኖረ። በ1979 ሁለት ወንድሞቹን፣ ዊልንና ሮድኒን፣ የመኪና አደጋ ነጠቀው። እሱ ግን እስከ ዕለተ ሞቱ፣ እስከ 1992፣ ቫዮሊኑን አላስቀመጠም። ዩኒስ ከተማ ላይ ደግሞ አኮርዲዮን ሠሪው ማርክ ሳቮይ በ1966 ሱቅ ከፈተ። እዚያ ቅዳሜ ጠዋት ሽማግሌና ልጅ ጎን ለጎን ተቀምጠው ይጫወታሉ፤ ልጁ ጣት እያየ ይማራል።

ይኼን እያወራን ሳለ ሁላችንም አንድ አልጋ ሥር አየን። አንደኛ ዓመት ስንገባ ከገጠር የመጣው ጓደኛችን ማሲንቆ ይዞ ነበር። የመጀመሪያ ቀን ሲጫወት ምን ብለን እንደሳቅን አንጽፈውም። ከዚያ ወዲያ አውጥቶት አያውቅም።

«እስቲ ምታልን» አልነው።

«ጭራው ተበጥሷል እኮ። ደሞ ልትስቁ ነው?»

አልሳቅንም። ቅዳሜ ሁለታችን የፈረስ ጭራ ልንለምን ጋሪ ነጂዎች ዘንድ ሄድን። እነሱ ሳቁብን።