የማይቆጠር ጨዋታ

በኢንተርኔት የሚካሄዱ የቡድን ጨዋታዎች ተጫዋቾቻቸውን በሁለት በር ያስገባሉ። አንደኛው የአደባባይ በር ነው፤ ማሽኑ ራሱ ከማይተዋወቁ ሰዎች ጋር አገናኝቶ ያሰልፋል። ሁለተኛው የግል ክፍል ነው፤ ከፋቹ የሚፈልጋቸውን ወዳጆቹን ብቻ ይጠራበታል። በሁለቱም ሜዳው፣ መሣሪያውና ሕጉ አንድ ሊሆን ይችላል። ልዩነቱ የሚታወቀው ጨዋታው ካበቃ በኋላ ነው። በአደባባይ ለተጫወተው «የልምድ ነጥብ» ይታሰብለታል፤ ደረጃው ከፍ ይላል፤ አዲስ መሣሪያና አዲስ ልብስ ይከፈትለታል። በግል ክፍል የተጫወተው ግን፣ ሰው ከሰው ጋር በሚታኮስባቸው በአብዛኞቹ ጨዋታዎች፣ ስንት ሰዓት ቢደክም ደረጃው ከነበረበት አይነቃነቅም።

የግል ጨዋታ ወደ ዕድገት ይቆጠር ወይስ አይቆጠር የሚለው ክርክር ለብዙ አንባቢ የልጆች ጉዳይ ሊመስለው ይችላል። እኔም ይህን የምጽፈው ለጨዋታ ልዩ ፍቅር ኖሮኝ አይደለም። ይህ ደንብ በእኔ ቤት ልጄ የቅዳሜን ጠዋት ከማን ጋር እንደሚያሳልፍ የሚወስን ሆኖ ስላገኘሁት ነው።

የምንኖረው ከዳላስ ጎን ባለችው በጋርላንድ ከተማ ነው። ልጄ የተወለደው እዚሁ ነው። የእህቴ ልጅ፣ የዕድሜ እኩያው፣ አዲስ አበባ ይኖራል። በ2020 (ዓመታቱን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር እጠቅሳለሁ) ወረርሽኙ በዚህም በዚያም ትምህርት ቤቶችን ሲዘጋ፣ ሁለቱ ልጆች ካል ኦፍ ዱቲ የተባለውን የተኩስ ጨዋታ በስልክ መጫወት ጀመሩ። የስልኩ ጨዋታ በ2019 ጥቅምት ወር የወጣና በነጻ የሚወርድ በመሆኑ፣ ውድ ማጫወቻ መግዛት የማይችል ቤተሰብ ልጅም ሊደርስበት ይችላል። በእኛ ቅዳሜ ጠዋት፣ በእነርሱ ቅዳሜ አመሻሽ ላይ ይገናኙ ነበር።

መጀመሪያ የሞከሩት የአደባባዩን በር ነበር፤ አልሆነላቸውም። ከዳላስ እስከ አዲስ አበባ ያለው ርቀት ከ13 ሺህ ኪሎ ሜትር ይበልጣል። ብርሃን በመስታወት ገመድ ውስጥ በሰከንድ 200 ሺህ ኪሎ ሜትር ያህል ቢጓዝም፣ ገመዱ ቀጥ ብሎ ቢዘረጋ እንኳ ደርሶ ለመመለስ ከሰከንድ አንድ ስምንተኛ በላይ ይፈጅበታል። በተግባር ገመዱ ባሕርና አህጉር እየዞረ ስለሚሄድ መዘግየቱ ከዚህም ይብሳል። በተኩስ ጨዋታ ይህ ብዙ ነው፤ የእህቴ ልጅ ጠላቱን ባየበት ቅጽበት እርሱ አስቀድሞ ተመትቷል። የማያውቋቸው የቡድን አጋሮችም ስድብ አላተረፉለትም። ስለዚህ የግል ክፍል ከፈቱ። እዚያ ሁለት የአክስት ልጆች፣ አንዳንድ ጊዜም የእነርሱ ጓደኞች ተጨምረው፣ መዘግየቱን እየሳቁበት ይጫወቱ ጀመር።

እኔ ከወጥ ቤት ሆኜ እሰማ ነበር። ልጄ ከእኔና ከእናቱ ጋር ሲነጋገር በአማርኛ ብንጠይቀው በእንግሊዝኛ ይመልሳል። በዚያች የቅዳሜ ሰዓት ግን «ከኋላህ ነው!»፣ «ቆይ መጣሁ!»፣ «አንተ ሌባ፣ ከየት መጣህ?» እያለ ሲጮኽ እሰማዋለሁ። ቋንቋውን ከእኩያው ጋር የሚናገርበት ሌላ ሰዓት በሳምንቱ ውስጥ አልነበረውም።

በዚያው ዓመት ሰኔ 29 ቀን ድምፃዊው ሃጫሉ ሁንዴሳ አዲስ አበባ ውስጥ ተገደለ፤ በማግስቱ በመላው ኢትዮጵያ ኢንተርኔት ተቋረጠ፤ መቋረጡም ሦስት ሳምንታት ያህል ዘለቀ። እኛ ትልልቆቹ የዘመድ ድምፅ ለመስማት በስልክ ጥሪ ስንረባረብ፣ ልጄ የአክስቱ ልጅ ስም የሚበራበትን ቦታ እየከፈተ ያይ ነበር። ጨዋታው ግን በ«ወቅት» የተከፈለ ነው፤ ወቅቱ ሲያበቃ የወቅቱ ሽልማት አብሮ ያልፋል። ልጄ በእነዚያ ሳምንታት በአደባባዩ በር ገባና ተጫወተ፤ ደረጃው ወጣ። የእህቴ ልጅ ሲመለስ በመካከላቸው ሰፊ ርቀት ተፈጥሮ ነበር። ከዚያ በኋላ የቅዳሜው ሰዓት ዋጋ ያለው ነገር ሆነ፤ ከአክስቱ ልጅ ጋር ያሳለፈው ሰዓት ሁሉ ከወቅቱ ሽልማት ላይ የሚቀነስ ነውና። አንድ ቀን «አባዬ፣ ከእሱ ጋር ስጫወት እኮ ምንም አላገኝም» አለኝ። ቃሉን የመረጠው እርሱ አይደለም። ጨዋታው ያስተማረውን ነው የደገመው።

ይህ የነጥብ መዝገብ ሁልጊዜ የነበረ አይደለም። እንዲህ ዓይነቱ ጨዋታ ካደገባቸው ስፍራዎች አንዱ እዚሁ ሰፈራችን ነው። ኢድ ሶፍትዌር የተባለው ድርጅት ዱም የተሰኘውን ጨዋታ በ1993፣ ክዌክን ደግሞ በ1996 ያወጣው ከጋርላንድ ጋር በምትዋሰነው በሜስኪት ከተማ ሆኖ ነው። በዱም እስከ አራት ሰው ኮምፒዩተሮቹን በገመድ አያይዞ እርስ በርሱ ይታኮስ ነበር። በ1996 የክዌክ ወዳጆች ኮምፒዩተራቸውን ተሸክመው የተገናኙበት የመጀመሪያው ክዌክኮን የተካሄደው በዚችው በጋርላንድ ነው። በዚያን ጊዜ ለጨዋታ መገናኘት ማለት የምታውቀውን ሰው ፈልጎ መገናኘት ነበር፤ ያሸነፈ ያሸነፈበትን ይዞ ይሄዳል፤ ደረጃ የሚመዘግብለት አልነበረም፤ የሚያጣውም መዝገብ የለም።

መዝገቡን የዚህ ዓይነት ጨዋታ ሁሉ ልማድ ካደረጉት መካከል ዋነኛው በ2007 የወጣው አራተኛው ካል ኦፍ ዱቲ ነው። በእርሱ ተጫዋቹ ከ1 እስከ 55 ደረጃ ይወጣል፤ መሣሪያዎቹም ደረጃ በደረጃ ይከፈቱለታል። ከዚያ ወዲህ ሰው የሚጫወተው ለማሸነፍ ብቻ ሳይሆን ለመሰብሰብም ሆነ። መሰብሰብ ባለበትም ሌባ አይጠፋም።

የጨዋታ ሠሪዎቹ ዋነኛ ምክንያትም ይኸው ነው፤ ምክንያቱንም ማቃለል አይገባም። የግል ክፍል ቢቆጠር ሁለት ጓደኛሞች ይዋዋላሉ፤ አንዱ ቆሞ ይሞታል፣ ሌላው ይገድላል፤ ከዚያ ተራ ይለዋወጣሉ። በአንድ ሌሊት የወር ድካም ይሰበሰባል። ፎርትናይት ተጫዋቾች ራሳቸው በሚሠሯቸው ደሴቶች ላይ ነጥብ መስጠት ሲጀምር፣ ሰው ስልኩን አስቀምጦ እየተኛ ነጥብ የሚያጠራቅምባቸው ደሴቶች እንደ አሸን ፈልተው ነበር። በሐቀኝነት የደከመው ልጅ ደረጃውን ሲያይ የሚሰማውን ኩራት የሚያጠፋበት ይህ ነው። ስለዚህ የአደባባዩ መዝገብ ጠባቂ ያስፈልገዋል ቢሉ እስማማለሁ።

የማልስማማው መልሱ ዜሮ በመሆኑ ነው። አንባቢ ይህን ያስተውል፤ በ2020 ነሐሴ መጨረሻ ዳላስ ኤምፓየር የተባለው የከተማችን ቡድን የመጀመሪያውን የካል ኦፍ ዱቲ ሊግ ዋንጫ አትላንታ ፌዝን 5 ለ 1 አሸንፎ ወሰደ፤ ሽልማቱ 1.5 ሚሊዮን ዶላር ነበር። በ2024 ሐምሌ ደግሞ ወራሹ ኦፕቲክ ቴክሳስ ከእኛ በስተሰሜን ባለችው በአለን ከተማ በደጋፊው ፊት ዋንጫውን አነሳ። የሊጉ ግጥሚያዎች የሚካሄዱት ዳኞች በሚያዘጋጁት የግል ክፍል ውስጥ ነው፤ የውጭ ሰው አይገባበትም። እንግዲህ በዚህ ጨዋታ ከሁሉ የከበረው ግጥሚያና የሁለቱ የአክስት ልጆች የቅዳሜ ጨዋታ በአንድ ዓይነት በር ያልፋሉ። ሻምፒዮናዎቹ የሚቆጥርላቸው ሌላ መዝገብ፣ ሊጉና ሽልማቱ አላቸው። ልጆቹ ግን ከጨዋታው መዝገብ በቀር ሌላ የላቸውም።

ሁለተኛውም ምሳሌ ከጎረቤት ነው። ዛሬ በፍሪስኮ ከተማ የሚገኘው ጊርቦክስ በ2009 ቦርደርላንድስን ሲያወጣ፣ ጓደኛሞች በግል ተሰባስበው የሚጫወቱት ሁሉ ይቆጠርላቸው ነበር፤ በተከታዮቹም እንዲሁ ነው። ለምን ተቻለ? በዚያ ጨዋታ ተቃዋሚው ኮምፒዩተሩ ስለሆነ ነው። አንዱ ቢያጭበረብር የሌላውን ማዕረግ አይነጥቅም። ከዚህ የምንማረው መዝገብ ሁለት ዓይነት መሆኑን ነው። አንዱ ሰውን ከሰው የሚያበላልጥ መዝገብ ነው፤ ማን ማንን እንደሚበልጥ ይናገራል። ሌላው ሰው ስንት ጊዜ እንደደከመ ብቻ የሚናገር ነው፤ መሣሪያ መክፈቱ፣ ልብስ መቀየሩ፣ የወቅቱን ሽልማት መጨረሱ ከዚህ ይመደባል። የመጀመሪያው ለአደባባይ ብቻ ይሁን። ሁለተኛውን ከግል ክፍል መንፈግ ግን ሌባን ለመያዝ ብሎ መንደሩን ሁሉ እንደ ማሰር ነው።

ለዚህም የቆየ መፍትሔ አለ፤ እግር ኳስን ማየት ይበቃል። ፊፋ ከ2018 ጀምሮ በሚሠራበት የአገሮች ደረጃ ስሌት የወዳጅነት ግጥሚያ 5 ወይም 10 ክብደት አለው፤ የዓለም ዋንጫ ማጣሪያ 25፤ የዓለም ዋንጫ የመጨረሻ ዙሮች 60። የወዳጅነት ግጥሚያ ሊጭበረበር እንደሚችል ፊፋ ያውቃል፤ ሆኖም ዜሮ አላደረገውም፤ አሳነሰው እንጂ። በጨዋታም የግል ክፍል ነጥብ ሩብ ቢሆን፣ በቀንም ወሰን ቢበጅለት፣ ሌሊቱን ሙሉ ተራ እየተለዋወጠ ለሚሞተው አታላይ ትርፉ ከድካሙ ያንስበታል፤ ቅዳሜ ጠዋት አንድ ሰዓት ለሚጫወተው ልጅ ግን የሚገባውን ያህል ይደርሰዋል።

ይህን ያህል መሟገቴ ለምን እንደሆነ የገባቸው የዕድሜ እኩዮቼ ይመስሉኛል። እኔ አገር ቤት አሥራ አንድ ዓመት አስተምሬአለሁ። እዚህ ስመጣ ሥራ የጠየቅሁበት አንድ መሥሪያ ቤት ቅጹ ላይ «በዚህ አገር የተገኘ የሥራ ልምድ» የሚል መስመር ነበረው፤ በእርሱ ላይ የጻፍኩት ዜሮ ነው። ደመወዜም የታሰበው በዚያ ዜሮ ነው። በዚያን ጊዜ ወዳጆቼ «እውቀትህ በውስጥህ አለ፤ ማን ይወስድብሃል?» እያሉ ያጽናኑኝ ነበር። እውነታቸውን ነው፤ ነገር ግን ማጽናኛ የቤት ኪራይ አይከፍልም። ያስተማርኩት ትምህርት ከእኔ ጋር ቢኖርም፣ ቅጹ ያልቆጠረው ልምድ እያደር ሰውየው ራሱ የማይጠቅሰው ልምድ ይሆናል። እኔ ከጥቂት ዓመታት በኋላ መምህር እንደነበርኩ ካልተጠየቅሁ በቀር መናገር ትቼ ነበር።

ስለዚህ ለልጄ «ነጥቡን ተወው፤ ከአክስትህ ልጅ ጋር መጫወትህ በራሱ ይበቃል» ብዬ ልሰብከው አልፈለግሁም። እውነት ነው፤ ያ ሰዓት ከማንኛውም ደረጃ ይበልጣል። ልጅ ግን በየዕለቱ በቁጥር እየተመዘነ፣ አንዱ ሰዓቱ ብቻ ያለ ቁጥር ሲቀርበት፣ ያ ሰዓት ትርፍ እንደሆነ ይማራል። ዜሮ ዝም ብሎ የሚቀመጥ ቁጥር አይደለም፤ ወዴት መሄድ እንደሌለብህም ይነግርሃል።

ሁለቱ ልጆች ዛሬ ጎርምሰዋል። ቅዳሜያቸው ሳሳ እንጂ አልጠፋም፤ አንዳንድ ሳምንት ይገናኛሉ፤ አንዳንድ ሳምንት ልጄ ወቅቱ ሊያበቃ ነው ብሎ ይቀራል። የእህቴ ልጅ ሲደውልልኝ «ጋሼ፣ ዛሬ አልገባም እንዴ?» ይለኛል፤ እኔም ለልጁ እነግረዋለሁ፤ ከዚያ ያለፈ አላዘውም።

ሆኖም ደንቡ ከሰማይ የወረደ አይደለም። ሰው የጻፈው ነው፤ ከሚጽፉት ሰዎች ብዙዎቹ ደግሞ ጎረቤቶቻችን ናቸው። ኢድ ሶፍትዌር ዛሬ ሪቻርድሰን ነው፤ ጊርቦክስ ፍሪስኮ ነው፤ የሳውዘርን ሜቶዲስት ዩኒቨርሲቲም ጊልድሆል የተባለውን የጨዋታ ሥራ ትምህርት ቤት ከ2003 ጀምሮ ያስተምርበታል። በዚህ አካባቢ የሚያድጉ የእኛ ልጆች ነገ በእነዚህ ጠረጴዛዎች ላይ መቀመጣቸው አይቀርም። ያን ጊዜ በወረቀቱ ላይ «የግል ጨዋታ፦ 0» የሚል መስመር ሲያዩ፣ በሌላኛው ጫፍ በ13 ሺህ ኪሎ ሜትር ርቀት ላይ ስልኩን ይዞ የሚጠብቀውን የአክስታቸውን ልጅ አስታውሰው፣ ቁጥሩን ጥቂት ከፍ ያድርጉት።