በደብተር ጠርዝ የሮጠች አህያ

«የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም» ይባላል። እኔ ግን የወጋሁት ራሴ ሆኜ ሳለሁ ያልረሳሁት አንድ ነገር አለ።

በሰኮሩ ሳስተምር አንድ ተማሪ በደብተሩ ጠርዝ፣ ገጽ በገጽ፣ ቡና የተጫነች አህያ ሥሎ አገኘሁት። ገጾቹን በአውራ ጣቱ ሲያርገበግባቸው አህያይቱ ትሮጣለች፤ ጭነቷን ትጥላለች፤ ባለቤቷም እያሯሯጣት ይወድቃል። ክፍሉ በሳቅ ተሞላ። እኔ ግን ትምህርቱ ተደፈረ ብዬ ደብተሩን ነጠቅሁት፤ ልጁም አንገቱን ደፍቶ አለቀሰ።

ከብዙ ዓመት በኋላ፣ ሲኒማ ገና ድምፅ ባልነበረው ዘመን በእጅ ሥዕል የተሠሩትን አጫጭር አስቂኝ ፊልሞች ለመመልከት በቃሁ። ፈረንሳዊው ኤሚል ኮል «ፋንታስማጎሪ» የተሰኘውን ሥራውን በፓሪስ ያሳየው እንደ አውሮጳውያን አቆጣጠር በ1908 ዓ.ም. ነበር። ሁለት ደቂቃ ለማይሞላ ጨዋታ 700 ያህል ሥዕሎችን አንድ በአንድ ሥሏል። በነጭ ወረቀት ላይ በጥቁር ቀለም የሣላቸውንም፣ ፊልሙ ሲታተም ጥቁሩን ነጭ፣ ነጩን ጥቁር በማድረጉ፣ በሰሌዳ ላይ በጠመኔ የተሣሉ አስመሰላቸው። ዕድሜዬን ጠመኔ ይዤ የኖርሁ ሰው ነኝና ነገሩ ልቤን ነካው።

አሜሪካዊው ዊንዘር ማኬይ ደግሞ በ1914 «ገርቲ» ለምትባል ዳይኖሰር በሺህ በሚቆጠሩ ሥዕሎች ነፍስ ዘራባት። እርሱ ከመድረክ ቆሞ ያዝዛታል፤ እርሷም በመጋረጃው ላይ አንዳንዴ ትታዘዛለች፣ አንዳንዴም ታምፃለች፤ ሲቆጣት ግን ታለቅሳለች። ሌላው በሚስቅበት በዚህ ስፍራ እኔ መሳቅ ተሳነኝ፤ የዚያ ልጅ ፊት ታየኝና።

ሥዕልን ከሥዕል አስከትሎ መተረክ ለአገራችን እንግዳ አይደለም። የንግሥተ ሳባን ታሪክ ሠዓሊዎቻችን በተለምዶ በ44 ክፍል እየከፈሉ ሲያሳዩን ኖረዋል። የእኔ ተማሪ በዚያ ላይ የጨመረው እንቅስቃሴን ነበር፤ ይህንንም ያደረገው በእርሳስና በትዕግሥት ብቻ ነው። እኔ የቀጣሁት ስንፍና መስሎኝ ነበር፤ ነገር ግን በክፍሉ ውስጥ በዚያች ሰዓት ከእርሱ የበለጠ የደከመ አልነበረም።

ደብተሩን በማግሥቱ መለስሁለት። ጠርዙ ግን ከዚያ ወዲያ ባዶ ሆኖ ቀረ።

ስለዚህ፣ የሙያ ወንድሞቼና እኅቶቼ ሆይ፣ ተማሪያችሁ በደብተሩ ጠርዝ ሲሥል ባገኛችሁት ጊዜ፣ ከመቆጣታችሁ በፊት ስንት ገጽ እንደ ሣለ ቁጠሩለት።