ሸራና መድረክ

ቋንቋችን በጥንት ዘመን ባሕርን ያውቅ እንደነበር የሚመሰክሩ ቃላት አሉ። የመርከብን ምሰሶ ግዕዙ ደቀል ይለዋል፤ መርከቡን የሚያቀናውን ሐዳፊ፣ መርከበኛውን ኖትያዊ፣ መርከቡ የሚያርፍበትን ወደብ መርሶ ይላል። ዛሬ እነዚህ ቃላት በአብዛኛው የሚገኙት በመዝገበ ቃላትና በቤተ ክርስቲያን መጻሕፍት ውስጥ ነው። ሐዳፊ የሚለውን ቃል የሚያውቅ ሰው ቢገኝ እንኳ፣ ቃሉን የሰማው ነፍስን ከማዕበል የሚያሻግር አምላክ ወይም ጻድቅ ሲመሰገንበት ይሆናል፤ መዳፉ በገመድ የሻከረ ሰው በገዛ ሙያው ሲጠራበት አልሰማም። እነዚህን ቃላት ያራቃቸው የባለቅኔዎች ስንፍና አይመስለኝም። በየዕለቱ ሥራ ላይ ያውላቸው የነበረው እጅ ከባሕሩ ስለ ራቀ አብረውት ራቁ።

ይህ ጉዳይ ጎልቶ የታየኝ በአንድ የጥር ወር፣ በኬንያ ሰሜናዊ ጠረፍ በምትገኘው በላሙ ደሴት፣ በሸራ በምትሄድ የእንጨት ጀልባ ላይ ባደረግሁት የግማሽ ቀን እንኳ ያልሞላ የጉብኝት ጉዞ ነው። ላሙ ከባሕር ድንጋይና ከማንግሮቭ እንጨት የተሠራች ጥንታዊ የስዋሂሊ ከተማ ናት፤ ዩኔስኮም እ.ኤ.አ. በ2001 በዓለም ቅርስነት መዝግቧታል። መንገዶቿ ጠባብ በመሆናቸው ጭነት የሚመላለሰው በአህያ ነው። ከከተማይቱ ፊት ለፊት ከቀጭኑ የባሕር ወሽመጥ ማዶ ማንዳ የምትባለው ደሴት ተዘርግታለች። በወሽመጡ ላይ ከጠዋት እስከ ማታ የሚመላለሱት ጀልባዎች የውጭ አገር ሰዎች በጥቅሉ ዶው የሚሏቸው ናቸው፤ የቀይ ባሕርን ታሪክ የሚያነብ ሰው በስም የሚያውቃት ሳንቡክም የዚሁ ቤተሰብ አባል ናት።

አንድ የደጋ ሰው እዚያ ባሕር ላይ ፈጽሞ እንግዳ ነው ለማለት ያዳግታል። ፔሪፕለስ በሚል ስም የሚታወቀው የ1ኛው መቶ ዘመን የግሪክኛ የባሕር ንግድ መምሪያ አዱሊስን ከገለጸ በኋላ ወደ ደቡብ እየወረደ ይህንኑ የምሥራቅ አፍሪካ ጠረፍ ይተርካል፤ በአካባቢው ሳንቃዎቻቸው በገመድ የተሰፉ ጀልባዎች መኖራቸውንም ይናገራል። በ6ኛው መቶ ዘመን የነበረው የቢዛንታይን ታሪክ ጸሐፊ ፕሮኮፒዩስም በዚያው የባሕር ቀጣና የሚሄዱት መርከቦች ያለ ብረት ምስማር በገመድ ተጣምረው እንደሚሠሩ ጽፏል። አጼ ካሌብ እ.ኤ.አ. በ525 ገደማ ወደ ሒምያር ሠራዊታቸውን ያሻገሩት በዚህ የመርከብ ዘመን ነው። ስለዚህ ደቀልና ሐዳፊ የሚሉት ቃላት በዚያ ዘመን ሕያው ሥራ ነበራቸው ብሎ ማሰብ ከእውነት የራቀ አይሆንም።

የተሳፈርንባት ጀልባ ርዝመቷ አሥር ሜትር ያህል ነው። የላሙ ጀልባ ሠሪዎች፣ በተለይም ከደሴቲቱ በስተምዕራብ ያለችው የማቶንዶኒ መንደር ጠራቢዎች፣ የንድፍ ወረቀት ሳይዘረጉ በዓይናቸው እየለኩ ይሠራሉ። የጀልባዋን ጎድን የሚሆነውን እንጨት የሚመርጡት በተፈጥሮው ከጎበጠ ግንድ ነው፤ ዛፉ ራሱ ያጎበጠው እንጨት በሰው እጅ ከተቆረጠ ጉብጠት ይጠነክራልና። በሳንቃዎቹ መጋጠሚያ በዘይት የተነከረ ጥጥ ይወተፋል። ምሰሶዋ ወደ ፊት ዘመም ያለ ነው። በእርሱም ላይ ሁለት እንጨቶች ተቀጣጥለው የታሰሩበት ረጅም አግዳሚ ይሰቀላል፤ ሦስት ማዕዘን የሆነው ሸራ የሚንጠለጠለው በዚህ አግዳሚ ላይ ነው። ከሆዷ ውስጥ አሸዋ የተሞሉ ከረጢቶች ተደርድረዋል። በነፋስ ወገን ደግሞ አንድ ጠንካራ ሳንቃ ከጎኗ ወደ ውጭ ይወጣል፤ ጀልባዋ ስታጋድል ሰው በዚያ ላይ ተቀምጦ ሚዛኗን ይጠብቃል።

ተሳፋሪዎቹ ስድስት ስንሆን መርከበኞቹ ሦስት ነበሩ። ከመካከላችን ሁለቱ ከናይሮቢ የመጡ መምህራን ናቸው፤ ከሩቅ አገር የመጡ ባልና ሚስትም ነበሩ። ከቀኑ አሥር ሰዓት ላይ ስንሳፈር ሸራው ቀድሞ ተሰቅሎ ነበር። ከታኅሣሥ እስከ መጋቢት ገደማ ከሰሜን ምሥራቅ የሚነፍሰው፣ ስዋሂሊዎቹ ካስካዚ የሚሉት ነፋስ ከበስተኋላችን እየገፋ ሼላ ወደምትባለው መንደር በዝግታ አወረደን። በዚህ ነፋስ ነበር ለብዙ መቶ ዓመታት ከዓረብ አገርና ከፋርስ ባሕረ ሰላጤ የተነሡ መርከቦች ቴምርና ምንጣፍ ጭነው ወደዚህ ጠረፍ የሚወርዱት። ከሚያዝያ ወዲህ ኩሲ የሚባለው የደቡብ ነፋስ ሲነሣ የማንግሮቭ ግንድና ሌላም ሸቀጥ ይዘው ይመለሳሉ። ዝናብ በማይዘንብበት፣ ረጅም ዛፍ በማይበቅልበት በዚያ በረሃ የብዙ ቤት ጣሪያ የቆመው በላሙ ግንድ ነበር።

ናሆዳው፣ ማለትም የጀልባዋ አለቃ፣ ዕድሜያቸው ወደ ስድሳ የሚጠጋ ዝምተኛ ሰው ናቸው። እኔ ግን ቃል ለቃሚ ነኝና ዝም ብዬ መሄድ አልሆነልኝም። እየጠቆምሁ የእያንዳንዱን ዕቃ ስም ጠየቅኋቸው። ሸራው ታንጋ፣ ምሰሶው ምሊንጎቲ፣ አግዳሚው ፎሮማሊ፣ መሪው ኡሱካኒ፣ መልሕቁ ናንጋ ነው። ናሆዳ የሚለው የራሳቸው ማዕረግ ከፋርስ ቋንቋ ባሕር ተሻግሮ የመጣ ቃል መሆኑን ቀደም ብዬ አውቅ ነበር። በዚያች ጀልባ ላይ ስም የሌለው አንዲት ገመድ እንኳ አላገኘሁም። ይህም የሆነበት ምክንያት ግልጽ ነው፤ ነፋስ ሲበረታ «ያንን ገመድ» ብሎ ለመጠቆም ጊዜ የለም።

በጉዞው አጋማሽ ላይ ከሩቅ አገር የመጡት ሰው ካሜራቸውን አዘጋጅተው መርከበኞቹ አንድ የባሕር ዘፈን እንዲያሰሟቸው ጠየቁ። ጥያቄው በትሕትና የቀረበ ነበር። ናሆዳው ግን ዓይናቸውን ከሸራው ሳይነቅሉ፣ «ዘፈኑ የገመዱ ነው፤ ገመዱ ሲከብድ ይመጣል» አሉ። ሰውየው በመልሱ የረኩ አይመስሉም ነበር። እኔ ደግሞ ሃያ ዓመት ከቴአትር ጋር የኖርሁ ሰው ነኝና በልቤ ፈራሁላቸው። የከፈለ ተመልካች እንዲህ ተብሎ ሲመለስ አይቼ አላውቅም።

ሼላ አጠገብ ከአሸዋው ዳርቻ ጥቂት አረፍን፤ ሸራውም ወረደ። ስንመለስ ነፋሱ በፊታችን ሆነ። ያን ወፍራም ሸራ ከነአግዳሚው እንደገና ወደ ምሰሶው ጫፍ ማውጣት ግድ ነበር። ከመርከበኞቹ ወጣቱ አንድ ሐረግ አነሣ፤ ሌላው ተቀበለው፤ በተቀባዩ ቃል ላይ ገመዱ አንድ ክንድ ያህል ወረደ። እንደገና አነሣ፣ ተቀበለ፣ ሳበ። ከመምህራኑ አንዱ ሳይጠሩት ተነሥቶ የገመዱን ጫፍ ያዘ። ዜማው አጭርና ሻካራ ነበር። አግዳሚው ምሰሶው ጫፍ ላይ ሲደርስ ዘፈኑ በሐረጉ መካከል ተቆረጠ፤ ሥራው አልቋልና ማንም ሊጨርሰው አልሞከረም። ባለ ካሜራው ሰው አንድም ፎቶግራፍ አላነሡም፤ ጀልባዋ ስላጋደለች ከእኔ ጋር በሳንቃው ላይ እንዲወጡ ታዝዘው ነበር።

ከዚያ በኋላ ነፋሱን ለመርታት በወሽመጡ ግራና ቀኝ እየተመላለስን ወጣን። የዚህ ዓይነት ሸራ አቅጣጫ ሲለውጥ ጀልባዋ ጀርባዋን ለነፋስ ትሰጣለች፤ ሸራው ይላላል፤ አግዳሚው ቀጥ ብሎ ይቆምና በምሰሶው ፊት ዞሮ ወደ ሌላው ወገን ይሻገራል። በዚያች ቅጽበት አንዱ መሪውን፣ አንዱ የአግዳሚውን እግር፣ አንዱ የሸራውን ጫፍ ይይዛል፤ ተሳፋሪውም ከአንዱ ጎን ወደ ሌላው ይዛወራል። የተሳፋሪ ክብደት እንደ አሸዋው ከረጢት ሁሉ ከሥራው ይቆጠራል። ጀልባዋ ላይ ዝም ብሎ የሚመለከት ሰው አልነበረም። ማንም ሰው ትኬት የገዛበት ጉብኝት፣ ከወደቡ ከራቀ በኋላ የሁላችን ሥራ ሆኖ አረፈው።

እዚህ ላይ የራሳችንን መድረክ ማሰብ ግድ ይሆናል። እኛ ዘንድም የደቦና የጅጌ ዘፈን አለ፤ የአውድማ ዜማ አለ፤ የወፍጮ እንጉርጉሮ አለ። እነዚህን ከገጠር ሰብስበን ወደ ቴአትር ቤትና ወደ ባህል ምግብ ቤት አምጥተናቸዋል፤ ይህም ከመጥፋት ያዳናቸው በመሆኑ ሊመሰገን የሚገባው ተግባር ነው። ይሁን እንጂ ዘፋኙ የሚያነሣው ነዶ፣ የሚጥለው ማጭድ ከሌለ ዜማው ቀስ በቀስ ይለሰልሳል፤ ጭብጨባ እስኪመጣ ይረዝማል፤ ትንፋሽ የሚጠይቀው ቦታ በፈገግታ ይሞላል። በላሙ የሰማሁት ዘፈን ያልለሰለሰው በገመዱ ጫፍ ክብደት ስለነበረ ነው።

ወደ ከተማይቱ ስንቃረብ ይህን አሳብ ከመምህራኑ ጋር ተወያየንበት። ታላቅየው አልተስማሙም። «የአባቶቻችን ጀልባ ግንድና ዓሣ ትጭን ነበር፤ ዛሬ እንግዳ ታዝናናለች፤ ይህ የሙያው ሽምግልና እንጂ ሕይወቱ አይደለም» አሉ። ንግግራቸው እውነት አለው። በሞንሱን ነፋስ የሚጓዘው ትልቁ የሸራ ንግድ በ20ኛው መቶ ዘመን ለሞተር መርከብ ቦታውን ለቋል፤ የዓሣ አጥማጁም ጀልባ ብዙውን ጊዜ ሞተር ገጥሞለታል። ናሆዳው ክርክራችንን ሲያዳምጡ ቆይተው የራሳቸውን ሒሳብ ነገሩን። አባታቸው ግንድ ያመላልሱ ነበር፤ እርሳቸው ዓሣ አጥምደዋል፤ አሁን በጉብኝቱ ወራት ከሚያገኙት ገንዘብ ጥጡና ዘይቱ ይገዛል፣ የበሰበሰው ሳንቃ ይለወጣል፣ ጠራቢው ይከፈለዋል። ሁለቱ ወጣቶችም ሸራ ማዞር የተማሩት በዚሁ ሥራ ላይ ነው። በየዓመቱ በላሙ የባህል ፌስቲቫል በሚደረገው የጀልባ ውድድር የሚሳተፉትም እነዚሁ ናቸው። ናሆዳው ይህን ብለው ሲያበቁ መምህሩ ዝም አሉ፤ አሳባቸውን መለወጣቸውን ግን አልተናገሩም።

የእኛ ድርሻ ያለበት አንድ ሌላ ነገርም አለ። ከዚያው በስተሰሜን በማንዳ የባሕር ሰርጥ አዲሱ የላሙ ወደብ ይገኛል። ከተጓዝንበት ወሽመጥ ባይታይም፣ እ.ኤ.አ. በመጋቢት 2012 ሥራው በይፋ ሲጀመር የኬንያ፣ የኢትዮጵያና የደቡብ ሱዳን መሪዎች በሥፍራው ተገኝተው ነበር። ዓላማው ሦስቱን አገሮች በመንገድ፣ በባቡርና በቧንቧ ማያያዝ ነው። ከታቀዱት 32 የመርከብ ማቆሚያዎች የመጀመሪያው እ.ኤ.አ. በግንቦት 2021 ሥራ ጀምሯል። ለአፈር ጠረጋው ሲባል የማጥመጃ ሥፍራቸው ስለ ተነካባቸው 4,600 ያህል ዓሣ አጥማጆች እ.ኤ.አ. በ2018 የኬንያ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ካሳ እንዲከፈላቸው ወስኗል። ኤርትራ ነጻ አገር ከሆነችበት እ.ኤ.አ. ከ1993 ወዲህ የባሕር ጠረፍ የሌላት አገራችን ሸቀጥ አንድ ቀን በዚያ በኩል ሊያልፍ ይችላል። ልማቱን የሚጠላ ሰው የለም፤ ወደቡ ለብዙዎች እንጀራ ይሆናል። ነገር ግን ሸቀጣችን የሚያልፍበትን ውሃ በስም የሚያውቁት ሰዎች እነማን እንደሆኑ ማወቅም ከእኛ ይጠበቃል።

ጉዳዩ ወደ ቤታችንም ያመራል። በጣና ሐይቅ ላይ ዛሬም ከደንገል የተሠራ ታንኳ ይቀዘፋል፤ ነጋዴና ዓሣ አጥማጅ ይሳፈርበታል፤ ጎብኚም ፎቶግራፍ ያነሣዋል። የደንገሉ አቆራረጥ፣ አደራረቅና አተሳሰር የየራሱ ቃል አለው። መምህራን ተማሪዎቻቸውን ወደ ሐይቁ ሲወስዱ ታንኳውን ከማሳየት አልፈው ደንገሉን እንዲያስሩ ቢያደርጓቸው፣ ቃሉ ከዕቃው ጋር እጃቸው ላይ ይቀራል። የኪነ ጥበብ ሰዎችም የሥራ ዜማ ስንቀርጽ ዜማውን ብቻ ይዘን መመለስ የለብንም፤ የሚነሣው ሸክም ምን ያህል እንደሚከብድ፣ ስንት ሰው እንደሚያነሣው፣ ዘፈኑ የት ላይ እንደሚቆረጥ አብረን ልንመዘግብ ይገባናል። መድረክ ላይ ስናወጣውም ተዋናዩ እውነተኛ ክብደት ያለው ነገር እንዲያነሣ እናድርገው። ላቡ ሲወርድ ዜማው የራሱን ልክ ያገኛል።

ደቀልና ሐዳፊ በመዝገበ ቃላቱ ውስጥ በሰላም ተቀምጠዋል፤ ማንም አይነካቸውም። የጣና ቃላት ግን ገና ከሰው አፍ አልወጡም። ደንገሉን የሚያስሩት እጆች ሳይርቁ፣ የሚጠይቅና የሚሠራ ሰው ቶሎ ይድረስላቸው።