ስልክሽን ሌላ ክፍል አስቀምጪው

አባቴ ስለ ደርግ ዘመን ማውራት ሲጀምር ሁሌም የሚያስቀድማት አንድ ነገር አለች፦ «ስልክሽን ሌላ ክፍል አስቀምጪው።»

እስቅበት ነበር። «አባዬ፣ የ1970ን ወሬ ዛሬ ማን ይፈልገዋል?»

ከዚያ «ሲቲዝንፎር»ን አየሁ። ላውራ ፖይትራስ የሠራችው ዘጋቢ ፊልም ነው፤ በ2015 እ.ኤ.አ. ኦስካር ወስዷል። ኤድዋርድ ስኖውደን ሆንግ ኮንግ ውስጥ፣ ሆቴል አልጋ ላይ ቁጭ ብሎ፣ የአሜሪካ የደኅንነት መሥሪያ ቤት የሰዉን ስልክና ኢንተርኔት እንዴት እንደሚለቅም ለጋዜጠኞች ያስረዳል። የክፍሉን ስልክ ይነቅላል። ፓስዎርድ ሲጽፍ ከነላፕቶፑ ቀይ ጨርቅ ይከናነባል። የእሳት አደጋ ደወል ሲጮህ ክፍሉ በሙሉ ይጨነቃል። እዚህ ጋ ሳቄ ቆመ። አባቴን ነበር የማየው።

ፖይትራስም ነገሩን ከሩቅ አይደለም የምታውቀው። ኢራቅ ላይ ፊልም ከሠራች በኋላ፣ ከ2006 እስከ 2012 ባሉት ዓመታት አገሯ በገባች በወጣች ቁጥር ኤርፖርት ላይ ያስቆሟት ነበር፤ ከ50 ጊዜ በላይ። የቀረጸችውን እንዳይወስዱባት በርሊን ሄዳ ኖረች፤ የስኖውደንንም ፊልም እዚያው ኤዲት አደረገች።

እኔን እንቅልፍ የነሳኝ ግን ሌላ ነው። አምና አባቴን ደብቄ ቀድቼዋለሁ። ስልኬን ጓዳ ያስቀመጥኩ መስዬ፣ ሹራቤ ኪስ ውስጥ፣ 40 ደቂቃ። «ታሪክ ነው፣ ይቀመጥ» ብዬ። ጥሩ ምክንያት ነበረኝ። ጆሮ ጠቢ ሁሉ ግን ጥሩ ምክንያት አያጣም።

የፊልም ሠሪዋም የሰላዩም እጅ ላይ ያለው ያው መቅጃ ነው። ስኖውደን ግን ካሜራው የት እንዳለ ያያል፤ ፊቱን ያሳየው ወዶና ፈቅዶ ነው። አባቴን ማን ጠየቀው?

ባለፈው እሑድ ቡና እየጠጣን ነገርኩት። ሲኒውን አስቀመጠና ዝም አለ። ቆይቶ፣

«የሰው ስም ጠርቻለሁ?» አለኝ።

«አዎ፣ የሦስት ጓደኞችህን።»

«በሕይወት ያሉ አሉ። አጥፊው።»

እያየኝ አጠፋሁት። ድምፁን ዳግም እንደማልሰማው ሳስብ ሆዴ ባባ፤ ያን ቀን የነገረኝን በዚያ አኳኋን ደግሞ አይነግረኝም።

ሁለተኛው ቡና ሲቀዳ ግን፣ ፊቱን ሳያዞር፣ «ሌላ ቀን ስም ሳልጠራ አወራሻለሁ» አለ። «ያን ቀን ስልክሽን እዚህ፣ ፊት ለፊቴ አድርጊው።»