ለጾመኛ ሹፌር የሚሆን የሕንድ ወጥ

ዛሬ ፖለቲካ የለም። የማወራችሁ ስለ ድስት ነው። «ኢንጂነሩ ታክሲው አልበቃ ብሎት ደግሞ ማጀት ገባ» የምትሉ እንደማትጠፉ አውቃለሁ። ሳቁ፣ ችግር የለም፤ ግን እስከ መጨረሻው አንብቡት። በተለይ ብቻችሁን የምትኖሩ ወንድሞቼ።

ጄኔቭ ኤርፖርት ወረፋ ላይ አብረን የምንቆም አንድ ጓደኛ አለኝ። ዐቢይ ጾምን 55ቱንም ቀን ሳያጎድል ይጾማል። ግን ምን እየበላ መሰላችሁ? ዳቦ፣ የድንች ጥብስና ለስላሳ። «ጾም እኮ ነው» ይላል። እውነቱን ነው፣ ሥጋም ወተትም የለበትም። ባለፈው ዓመት ሐኪሙ «ስኳርህም ግፊትህም ከፍ ብሏል፤ አትክልትና ጥራጥሬ አብዛ» አለው። ለምን ወጥ አትሠራም ብለው፣ «ሽንኩርቱ ሲሸት ጎረቤት ይጮህብኛል፤ ደግሞ ማን አስተምሮኝ?» አለኝ። ይህ የሱ ብቻ ችግር አይደለም። ብዙዎቻችን «ወንድ ልጅ ማጀት አይገባም» እየተባልን ነው ያደግነው። እዚህ ደግሞ እናት የለች፣ እህት የለች፣ ሆድ ግን አለ።

እኔን ድስት ያስያዘኝ ችግር ነው። ባለቤቴ የሌሊት ተረኛ ናት፤ ልጆቹን ማታ የማበላው እኔ ነኝ። እዚህ ተወልደው በርበሬ ያቃጥላቸዋል። ለነሱም የሚጥም፣ ለጾምም የሚሆን፣ እንደ ክሬም የለሰለሰ የሕንድ የአትክልት ወጥ ነው ያስታረቀን።

ሕንዶችና ስዊዞች በወጥ የተገናኙበትን ታሪክ ላጫውታችሁ። ደንበኛ ይዤ ዙሪክ ስሄድ ሂልትል የሚባል ምግብ ቤት አልፋለሁ። ከ1898 ጀምሮ (በፈረንጅ አቆጣጠር ነው) ሥጋ የማይሸጥ ቤት ነው። ጊነስም ሳያቋርጥ በመሥራት የዓለም አንጋፋው የአትክልት ምግብ ቤት ብሎ መዝግቦታል። አምብሮስዩስ ሂልትል ከባቫሪያ የመጣ ልብስ ሰፊ ነበር። የመገጣጠሚያ ሕመም ያዘውና መስፋት አቃተው። ሙዝሊን የፈለሰፈው የዙሪኩ ሐኪም ቢርኸር ቤነር «ሥጋ ተው» አለው። ተወ፣ ተሻለው፣ በኋላም ምግብ ቤቱን ራሱ ያዘው። ያኔ የከተማው ሰው እዚያ የሚበላውን ሁሉ «ሣር በል» እያለ ይስቅበት ነበር። በሰው አገር ሙያውን የለወጠ ሰው ታሪክ ስሰማ እኔ ጆሮዬ ይቆማል። ለምን እንደሆነ ታውቁታላችሁ።

በ1951 ደግሞ ከዚያው ቤተሰብ ወይዘሮ ማርግሪት ሂልትል ለዓለም የቬጀቴሪያኖች ጉባኤ ወደ ሕንድ ሄዱ፤ የሕንድ ወጥ ፍቅር ይዟቸው ተመለሱ። ችግሩ ቅመሙ ነበር። ድንብላሉ፣ እርዱ፣ ከሙኑ፣ ሄሉ ያኔ ስዊዘርላንድ ውስጥ እንደ ልብ አይገኝም። ከአገር ቤት በሚመጣ ሰው ሻንጣ በርበሬ ለምናስጭን ለኛ ይህ እንግዳ ታሪክ አይደለም። ዛሬ ጄኔቭ ፓኪ ሰፈር ወይም ዙሪክ ላንግሽትራሰ አካባቢ የእስያ ሱቅ ብትገቡ ሁሉም አለ። ቅመሙን ስታዩት ደግሞ የእናታችሁ መደርደሪያ ትዝ ይላችኋል፤ ግማሹ የኛው ነው።

አሁን ወደ ሥራው። ለአራት ሰው፣ ወይም ለአንድ ሹፌር ሦስት ቀን ይበቃል።

ሁለት ትልልቅ ሽንኩርት አድቅቃችሁ እንደኛ ያለ ዘይት አቁላሉ። ውሃው ተንኖ እስኪያልቅ ሙቀቱ ከ100 ዲግሪ ብዙም አያልፍም፤ ሽንኩርቱ የሚቀላውና የሚጣፍጠው ከዚያ በኋላ ነው። ስለዚህ አትቸኩሉ። መስኮት ክፈቱ፣ የምድጃውን አየር መሳቢያ አብሩ፤ ሽታው የሚበረታው ለሩብ ሰዓት ያህል ነው፣ ጎረቤትም ይችለዋል።

ከዚያ ሦስት ማንኪያ ዘይት፣ የተፈጨ ነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብል፣ አንድ የሻይ ማንኪያ እርድ፣ ሁለት ድንብላል፣ አንድ ከሙን ጨምሩ። ሄል ካጣችሁ ትንሽ ኮረሪማ ይተካዋል። የነዚህ ቅመሞች መዓዛ በውሃ ሳይሆን በዘይት ነው የሚሟሟው። ስለዚህ ዘይቱ ውስጥ አንድ ደቂቃ አማስሉት፤ እንዳያር ግን ተጠንቀቁ፣ ያረረ ቅመም ይመራል። ቀጥሎ ሦስት ቲማቲም።

ዘይቱ ብቅ ሲል ድንችና ካሮት ከአንድ ብርጭቆ ውሃ ጋር ይግባ። የቲማቲሙ ኮምጣጣነት ድንቹን ቶሎ እንዳይበስል ስለሚይዘው አነስ አድርጋችሁ ክተፉት። ከ10 ደቂቃ በኋላ አበባ ጎመንና አንድ ቆርቆሮ የተቀቀለ ሽምብራ፣ መጨረሻ ላይ አተር።

ክሬሙስ? ስዊዞች «ሪ ካዚሚር» የሚሉት፣ ሙዝና አናናስ ያለበት የካሪ ሩዝ አላቸው፤ ሞቨንፒክ በ1952 ያስለመደው ነው። እሱ ሥጋም ክሬምም አለው፣ ለጾም አይሆንም። የኛ ክሬም 400 ሚሊ ሊትር የኮኮናት ወተት ነው። እሳቱን ዝቅ አድርጋችሁ ጨምሩት። የኮኮናት ወተት ውሃና ቅባት ተቃቅፈው የቆሙበት ነገር ነው፤ በኃይል ከተንተከተከ ይለያያሉ። አንድ እፍኝ ካሹ በሙቅ ውሃ ዘፍዝፋችሁ፣ ፈጭታችሁ ብትጨምሩበት ደግሞ መረቁ ይወፍራል፣ አስተማማኝም ይሆናል። ጨው፣ ሎሚ፣ አለቀ።

እውነቱን ልንገራችሁ፣ ድልድይና መንገድ ስነድፍ የማገኛትን ደስታ እዚህ ድስት ላይ አገኛታለሁ። ምክንያትና ውጤት እጄ ላይ ናቸው። ዲግሪዬን ያልተቀበለኝ መሥሪያ ቤት ይህንን ሊወስድብኝ አይችልም።

ያ ጓደኛዬ አንድ እሑድ ቤቴ መጥቶ ሽንኩርቱን ራሱ ከተፈ፤ እንባው እየፈሰሰ። አሁን እሑድ እሑድ ይሠራል፣ ቀዝቃዛ ቤት ከፋፍሎ ያስቀምጣል፣ ቴርሞስ ይዞ ወረፋ ይቆማል። ወጡ መድኃኒት ነው አልላችሁም፤ ክኒኑን እየዋጠ ነው፣ ሩዙንም ቀነስ እንዲያደርግ ሐኪሙ ነግሮታል። ግን ዳቦና ድንች ጥብስ ቀርቷል። ከሁሉ ደስ ያለኝ ባለፈው ዓርብ ከሁለት ልጆች ጋር ከቴርሞሱ ሲካፈል ማየቴ ነው። ወረፋው ላይ ብቻውን ሲበላ ነበር የማውቀው።

አባቶቻችን ጾምን ሲሠሩልን ሽሮውን፣ ምስሩን፣ ክኩን፣ ጎመኑን አብረው ሠርተውልናል። ፈረንጅ ዛሬ ውድ ዋጋ ከፍሎ የሚበላው ምግብ በእጃችን ነበር። እንጀራ ያገኘ በእንጀራ፣ ያላገኘ በሩዝ ይብላው።

እናንተስ በጾም ምን ትሠራላችሁ? ከታች ጻፉልኝ፤ በተለይ ወንዶቹ። ቸር እንሰንብት!