ዐሥሩ በባዶ እግር፣ አንዱ በጫማ

የልጅ ልጅ ያላችሁ ሁሉ ታውቁታላችሁ፤ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ቤቱ የእኛ አይደለም። የአርሰናል፣ የማንቸስተር፣ የሊቨርፑል ነው። የዐሥር ዓመቱ የልጅ ልጄ ማን ከየት ወደ የት እንደተዛወረ ከነዋጋው ይነግረኛል። እኔም ቡናዬን እያፈላሁ እሰማለሁ። አያት ግን ሰሚ ብቻ አይደለም፤ የሚያወራው ያለው ሰው ነው። ስለ ኳስ ሲጠይቁን እኛስ ምን እንነግራቸዋለን?

እኔ አንድ የኳስ ታሪክ አለኝ። የእኛ አገር አይደለም፣ የሕንድ ነው። መጀመሪያ የሰማሁት ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት እያለሁ ከሕንዳዊው የሒሳብ አስተማሪያችን ነው። በዚያ ዘመን ብዙዎቻችንን ያስተማሩን ሕንዶች እንደነበሩ እኩዮቼ ያስታውሳሉ። አስተማሪያችን ኮስታራ ሰው ነበሩ፤ ይህን ታሪክ ሲያወሩ ግን ጠመኔውን አስቀምጠው ፈገግ ይሉ ነበር። ጡረታ ከወጣሁ በኋላ ጊዜ አግኝቼ ራሴ አነበብኩት።

ሕንድ በእንግሊዝ ቅኝ ግዛት ሥር በነበረችበት ጊዜ ኳስን ወደ ካልካታ ያመጡት እንግሊዞች ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1893 አንድ የጥሎ ማለፍ ውድድር ጀመሩ። ሽልማቱ ጋሻ ስለሆነ ስሙም «አይ ኤፍ ኤ ሺልድ» ተባለ። ለ18 ዓመታት ጋሻውን የወሰዱት የእንግሊዝ ጦር ቡድኖችና የአውሮፓውያን ክለቦች ብቻ ነበሩ። ገዢዎቹ የቤንጋልን ሰው «ለወረቀት ሥራ እንጂ ለጉልበት ያልተፈጠረ» አድርገው ይስሉት ነበር። በ1905 ደግሞ ቤንጋልን ለሁለት ከፈሏት። ሕዝቡ ተቆጣ፤ የእንግሊዝ ዕቃ አንገዛም አለ። ንቀቱና ቁጣው አንድ ላይ በተጠራቀሙበት ወቅት ነው የ1911 ውድድር የመጣው።

ሞሁን ባጋን በ1889 በሰሜን ካልካታ የተመሠረተ የሕንዶች ክለብ ነው። ተጫዋቾቹ ተማሪዎችና ደመወዝተኞች ነበሩ፤ በኳስ የሚተዳደር አልነበረም። ዐሥሩ በባዶ እግራቸው ነው የሚጫወቱት። ጫማ የሚያደርገው አንድ ብቻ ነበር፤ ሱዲር ቻተርጂ የተባለ ክርስቲያን መምህር። ወቅቱም ሐምሌ ነው፤ እንደ እኛው አገር በካልካታም የዝናብ ወር ነው። በጭቃ ላይ ባዶ እግር፣ ከፊት ለፊት ደግሞ የወታደር ጫማ!

መጀመሪያ ሴንት ዛቪየርስን 3 ለ 0፣ ቀጥሎ ሬንጀርስን 2 ለ 1 አሸነፉ። ከዚያ በኋላ የጠበቃቸው ጦሩ ነው። ራይፍል ብሪጌድን 1 ለ 0 ጣሉ። በግማሽ ፍጻሜው ከሚድልሴክስ ሬጅመንት ጋር 1 ለ 1 ተለያዩ፤ ጨዋታው ሲደገም 3 ለ 0 ረቱ። ከተማው በሌላ ነገር ማውራት አቆመ።

የፍጻሜው ቀን ሐምሌ 22 ቀን 1903 ዓ.ም. ቅዳሜ ነበር፤ በእነሱ አቆጣጠር ጁላይ 29 ቀን 1911። እኛ አገር አጼ ምኒልክ ታመው አልጋ ላይ የነበሩበት፣ ዓድዋ ገና 15 ዓመት የሆነው ጊዜ ነው። ሕዝቡ በባቡርና በጀልባ ከየገጠሩ ጎረፈ። ከ60,000 ሰው በላይ እንደተሰበሰበ ይነገራል። አብዛኛው ሜዳውን እንኳ ማየት አልቻለም። ዛፍ ላይ የወጣ ወጣ፤ ለራቀው ሰው ደግሞ ውጤቱ የተጻፈበት የወረቀት ካይት ወደ ሰማይ ይለቀቅ ነበር። የልጅ ልጄ ከሁሉ የወደደው ይህንን ነው፤ ያኔ ስልክ በየኪሱ የለማ!

ተጋጣሚው የኢስት ዮርክሻየር ሬጅመንት ነበር። መጀመሪያ እንግሊዞቹ በቅጣት ምት አገቡ። ጨዋታው ሊያልቅ ጥቂት ደቂቃዎች ሲቀሩት አምበሉ ሺብዳስ ባዱሪ አቻ አደረገ። ወዲያው አቢላሽ ጎሽ ሁለተኛውን አገባ። 2 ለ 1! ሂንዱው፣ ሙስሊሙ፣ ክርስቲያኑ አብሮ ጨፈረ። በዚያን ምሽት አንድ ሽማግሌ በምሽጉ ላይ የሚውለበለበውን የእንግሊዝ ባንዲራ እያሳዩ «ያ መቼ ነው የሚወርደው?» ብለው ተጫዋቾቹን ጠየቁ፤ «ጋሻውን ደግመን ስንወስድ» የሚል መልስ አገኙ ይባላል። አፈ ታሪክ ሊሆን ይችላል። ሞሁን ባጋን ጋሻውን ደግሞ የወሰደው ግን እ.ኤ.አ. በ1947፣ ሕንድ ነፃ በወጣችበት ዓመት ነው።

ታሪኩ እዚህ ላይ ቢያልቅ ጥሩ ነበር። ነገር ግን ባለፈው ክረምት በሰፈራችን የልጆቹን የኳስ ቡድን ጉዳይ ለመነጋገር ወላጆች ተሰብስበን ነበር። አንዱ አባት «ታኬታ የሌለው ልጅ አይሰለፍ፤ ቡድኑን ያሳንሰዋል» አለ። ሌላው ተነሥቶ «እኛ በባዶ እግራችን አይደል እንዴ ያደግነው? ልጅ በባዶ እግሩ ሲጫወት ነው የሚጠነክረው» አለ። ግማሹ ለአንዱ፣ ግማሹ ለሌላው አጨበጨበ። ሁለት ሦስት ልጆች አጥር ሥር ቆመው ይሰሙ ነበር፤ ዓይናቸው መሬት መሬት ያያል።

እኔ ነርስ ነኝ። ወጣት ሳለሁ ወላይታ ውስጥ በጤና ጣቢያ ሠርቻለሁ። ባዶ እግር ምን እንደሚያመጣ በእጄ አጥቤ አውቀዋለሁ። ሙጃሌ የበላውን የሕፃን ጣት በመርፌ አጽድቻለሁ። ሚስማር ወግቶት በመንጋጋ ቆልፍ የተያዘ ጎረምሳ አስታምሜያለሁ። ለዓመታት ቀይ አፈር በባዶ እግራቸው ረግጠው በዝሆኔ እግራቸው ያበጠ፣ ከሰው ተደብቀው የሚኖሩ እናቶችን አውቃለሁ። ያንን በሽታ የሚከላከለው ጫማ ማድረግና እግርን በሳሙና መታጠብ ነው። ስለዚህ «ባዶ እግር ያጠነክራል» ሲሉ ዝም ማለት አልችልም።

ሕንዶቹም ቢሆኑ ከ1911 በኋላ በባዶ እግር አልቀሩም። በ1952 በሄልሲንኪ ኦሎምፒክ በዩጎዝላቪያ 10 ለ 1 ተሸነፉ፤ ከዚያ በኋላ ፌዴሬሽናቸው ጫማ ግዴታ አደረገ። በ1956 በሜልቦርን ጫማ አድርገው አራተኛ ወጡ። የራሳችንን አበበ ቢቂላን ተመልከቱ። በጳጉሜን 1952 ዓ.ም. ሮም ላይ በባዶ እግሩ አሸነፈ፤ ዛሬም እንኮራበታለን። ከአራት ዓመት በኋላ ቶኪዮ ላይ ግን ጫማ አድርጎ፣ የትርፍ አንጀት ቀዶ ሕክምና ካደረገ ጥቂት ሳምንታት ብቻ አልፈውት፣ ከሮሙ ሦስት ደቂቃ ያህል ፈጥኖ ገባ። ያሸነፈው አበበ እንጂ ባዶ እግሩ አልነበረም።

ለዚያኛው አባት ደግሞ የምመልሰው ከካልካታ ነው። ሱዲርን «እኛን ምሰል፣ ጫማህን አውልቅ» ያለው የለም። ዐሥሩንም «ጫማ እስክትገዙ ውጭ ቆዩ» ያላቸው የለም። ዐሥራ አንዱም አንድ ማሊያ ለብሰው ገቡ። ያንን ጦር ያሸነፉት ልምምዳቸው፣ አቻ ሲወጡ ተስፋ አለመቁረጣቸው፣ ጎል ገብቶባቸው እንኳ አለመደናገጣቸው ነው።

ይህንኑ በስብሰባው ላይ ተናገርኩ። ንግግሬ ረዘም ብሎ ነበር መሰለኝ ሰብሳቢው ሰዓቱን አየ። ቢሆንም አንዲት እናት «የልጄ ታኬታ ጠቦታል፣ አልጋ ሥር ተቀምጧል» አለች። ሌላዋም «እኛም ጋ አለ» አለች። የልጅ እግር በየዓመቱ ያድጋል፤ ጫማው ሳያልቅ ይጠባል። በሁለት ሳምንት ውስጥ 14 ጥንድ ተሰበሰበ። ታጥቦ በፀሐይ ደረቀ፤ እየተለካ ለልጆቹ ታደለ። ለአንዱ ልጅ ልኩ እስኪገኝ ድረስ በሸራ ጫማው ተሰለፈ፤ የከለከለው የለም።

እናንተም ዛሬ አልጋ ሥር ፈልጉ። ካገኛችሁ ለጎረቤት ልጅ ስጡ። ስትሰጡም የእነዚያን የዐሥራ አንዱን ታሪክ አውሩላቸው፤ ከሕንድ የመጣ ነው ብላችሁ። ድህነቱን እንደ ጀግንነት አድርጋችሁ ግን አታውርሷቸው። ጀግንነቱ አብሮ መሰለፉ ላይ ነው።