ሒሳብና መልስ

የባንክ መስኮት ጠባብ ነው፤ ሰው ሁሉ ግን ከነጭንቀቱ ይመጣበታል። እኔ ከበስተጀርባው ተቀምጬ ብር እቆጥራለሁ፤ ስጨርስም «ተረኛ!» እላለሁ። አንድ ማታ እናቴ ቡና አፍልታ፣ ፊቴን አየት አድርጋ፣ «ምነው ልጄ፣ ደኅና አይደለህም?» ብትለኝ፣ ሳላስበው ከአፌ የወጣው ቃል «ተረኛ» የሚል ሆነ። እርሷ ሳቀች። እኔ ግን እንቅልፍ አጣሁ።

በዚያው ሌሊት በስልኬ የዕዝራ ውቤን «ሒሳብ» አየሁ። አዲስ አበባ ተወልዶ በአሜሪካ የሚሠራው ይህ ሠዓሊ እ.ኤ.አ. በ2011 ያወጣው አኒሜሽን ነው። በአንድ ሸራ ላይ ይሥላል፤ ፎቶ ያነሣዋል፤ በላዩ ደግሞ ሌላ ይሥልበታል። ጀርመናዊው ዋልተር ሩትማን እ.ኤ.አ. በ1921 «ኦፑስ አንድ» በተባለ ፊልሙ፣ ሰውም ቤትም ሳያስፈልገው፣ መስተዋት ላይ በተቀባ ቀለም ብቻ ስሜትን አንቀሳቅሶ ነበር። በ«ሒሳብ»ም የጨነቀው ፊት አልፈለግሁም፤ ሸራው ራሱ ነገረኝ። የሚታየው የመጨረሻው ሥዕል ብቻ ነው፤ ከሥሩ የተቀበሩትን ግን ሁሉንም ተሸክሟል። የእኔም ቀን እንዲሁ ነው፤ አንዱ ተረኛ በሌላው ላይ ይቀባል።

የፊልሙ መነሻ የምናውቀው ጨዋታ ነው። አህያ፣ ፍየልና ውሻ መኪና ተሳፈሩ። አህያ ሒሳቧን ከፈለች፤ ስለዚህ መኪና ቢመጣ ከመንገድ ንቅንቅ አትልም። ፍየል ሳትከፍል አመለጠች፤ እስከ ዛሬ ትሸሻለች። ውሻ ግን ከፍሎ መልሱን አልተቀበለም፤ ይኸው መኪና ባየ ቁጥር ይሮጣል። «ውሻው እኔ ነኝ» አልሁ።

እሑድ ሐኪም ጋራ ወጣሁ። በ1998 ዓ.ም. በዓለም ቅርስነት የተመዘገበችው ጀጎል ከዚያ ላይ በአንድ መዳፍ ትሸፈናለች። ቤቶቹ የቀለም ቁርጥራጭ፣ ባጃጆቹ ነጠብጣብ ሆነዋል። ፊት የለም፤ ስም የለም፤ ሰልፍ የለም። ደስ አለኝ።

ወዲያው ግን ደነገጥሁ። ከዚህ ከፍታ እናቴም ነጠብጣብ ናት! በመስኮቴ በኩልስ ሰውን ሳየው የኖርሁት በዚሁ ዓይን አልነበረምን?

ለካ ውሻው እኔ አይደለሁም። እኔ የሰው መልስ በእጁ ይዞ የዘነጋ ረዳት ነኝ። እናቴ ጠይቃኛለች፤ መልሷን ገና አልሰጠኋትም።

ፀሐይ ሳትጠልቅ ቁልቁለቱን ተያያዝሁት።